«የሚስቴ ዘመዶች» እና የአክስቴ ጥያቄ

ሰሞኑን ስለ ዶላር ምንዛሪና ስለ ዘይት ዋጋ ስጽፍላችሁ ሰነበትኩ። ዛሬ ግን ከዚያ ወጣ ብዬ ስለ አንድ የድሮ ፊልም ላውራችሁ። ረዘም ይላል፤ ቡናችሁን ይዛችሁ ቁጭ በሉ።

ፊልሙ ድምፅ የለውም። እንደ ፈረንጆቹ አቆጣጠር በ1922 የተሠራ ነው። እኛ አገር ንግሥት ዘውዲቱ ዙፋኑ ላይ፣ ራስ ተፈሪ አልጋ ወራሽ በነበሩበት ጊዜ ማለት ነው። ርዝመቱ ግማሽ ሰዓት አካባቢ ነው። ርዕሱን ወደ አማርኛ ብንመልሰው «የሚስቴ ዘመዶች» ይሆናል። የሠራውም የተወነውም ባስተር ኪተን ነው። ቻርሊ ቻፕሊንን የማያውቅ ሰው የለም፤ ኪተንን ግን እኛ ዘንድ ብዙ ሰው አያውቀውም። ቤት ቢፈርስበት፣ ባቡር ቢያባርረው ፊቱ አይለወጥም። አይስቅም። ሌላውን ሰው የሚገድለው በሳቅ ነው። ፊልሙ አሜሪካ ውስጥ የቅጂ መብት ዘመኑ ስላለቀ ማንም ሰው በነፃ አውርዶ ሊያየው ይችላል።

ታሪኩ እንዲህ ነው። ቦታው ስደተኞች የሚኖሩበት፣ ብዙ ቋንቋ የሚነገርበት የከተማ ሰፈር ነው። ሁለት የፖላንድ ተወላጅ እጮኛሞች ለአንድ ዳኛ ስልክ ደውለው ሊጋቡ እየመጡ መሆናቸውን ይነግሩታል። ዳኛው ከፖላንድ ቋንቋ በቀር ሌላ አይሰማም። እጮኛሞቹ ከመድረሳቸው በፊት ሌሎች ሁለት ሰዎች ይገባሉ። አንደኛዋ ግዙፍ የአየርላንድ ዘር ያላት ሴትዮ ናት፤ ኬት ፕራይስ የምትባል ተዋናይት ትጫወታታለች። ባስተርን ጨምድዳ ይዛዋለች። መስኮት ሰብሯል ብላ ልትከሰው ነው ያመጣችው። ዳኛው ቀና ብሎ አያቸው። ወንድና ሴት፣ ተያይዘው የመጡ። ሌላ ምን ይጠይቃል? የሚያነበውን አነበበ፣ ወረቀቱን ጻፈ፣ አጋባቸው።

ከሳሽና ተከሳሽ ባልና ሚስት ሆነው ወጡ!

ሴትዮዋ ምን ታድርግ፣ ባሏን ይዛ ወደ ቤቷ ሄደች። ቤት ውስጥ አባቷና አራት ወንድሞቿ አሉ። አራቱም በር የሚሞሉ ናቸው። ምስኪኑን ሙሽራ እንደ ኳስ ይጫወቱበታል። ማዕድ ሲቀርብም የሥጋው ሳህን በየወንድሙ እጅ ዞሮ እሱ ጋ ሲደርስ ባዶ ነው። ከዚያ አንድ ደብዳቤ ኪሱ ውስጥ ያገኛሉ። የአንድ መቶ ሺህ ዶላር ውርስ ይላል። ደብዳቤው የእሱ አይደለም፤ በስህተት እጁ የገባ የሌላ ሰው ነው። እነሱ ግን ይህን አያውቁምና «ጋሼ» ማለት ጀመሩ፤ ውድ ቤት ተከራዩ፣ ድግስ ደገሱ። ውሸቱ ሲወጣ መጨረሻው ምን እንደሆነ ትገምታላችሁ። ባስተር ሮጦ አመለጠ። በመጨረሻ የምናየው ባቡር ላይ ነው፤ ባቡሩ ላይ «ሬኖ» የሚል ተጽፏል። ያኔ ያ ጽሑፍ ብቻውን አዳራሽ ሙሉ ሰው ያስቅ ነበር። ሬኖ ኔቫዳ ውስጥ ያለች ከተማ ናት። በዚያ ዘመን ስድስት ወር እዚያ ግዛት ከኖርክ በቀላሉ ትዳርህን ማፍረስ ትችላለህ። አሜሪካዊው ሁሉ «ሬኖ ሄደ» ሲባል ፍቺ ሄደ ማለት እንደሆነ ያውቃል።

በነገራችን ላይ ኪተን ይህን ፊልም የሠራው ካገባ በዓመቱ ነው። በ1921 ናታሊ ታልማጅን አገባ። ሁለት እህቶቿ በዘመኑ ስመ ጥር ተዋናዮች ነበሩ፤ የእሱን ፊልሞች የሚያስወጣው አለቃውም ከእህቶቿ የአንዷ ባል ነበር። ከዚያ በሁዋላ ፊልምህን «የሚስቴ ዘመዶች» ብለህ ሰይም! በ1932 ተፋቱ። እዚህ ላይ እንለፈው።

ወደ ሥጋው ልመለስ። ባስተር የሥጋው ሳህን በተደጋጋሚ ባዶውን ሲደርሰው ዘዴ ይፈጥራል። ወደ ግድግዳው ሄዶ የቀን መቁጠሪያውን ቅጠል ይገለብጥና ቀኑን አርብ ያደርገዋል። ቤተሰቡ ካቶሊክ ነው፤ በዚያ ዘመን ካቶሊክ አርብ ሥጋ አይበላም። አራቱ ወንድማማቾች ቀና ብለው ግድግዳውን ያያሉ። ሥጋው ከአፋቸው ደርሶ ይመለሳል። ባስተር ተረጋግቶ ሁሉንም ወደ ራሱ ሳህን ያዞራል።

ይህን ቀልድ ለእኛ ማስረዳት አያስፈልግም። አንድ ቀን የፈረንጅ ኮሜዲ ላይ የግርጌ ማስታወሻ ሳያስፈልገን ከአሜሪካኖቹ እኩል፣ እንዲያውም ዛሬ ካሉት አሜሪካኖች በላይ የሚገባን ቦታ ቢኖር ይህ ነው።

በተለይ በ2017። አስታውሱ፣ የ2017 መስቀል የዋለው አርብ ነው። መስከረም 17 አርብ! እኔ መስቀልን ያሳለፍኩት ቡታጅራ፣ አክስቴ ቤት ነው። ጉራጌ አገር መስቀል ማለት ምን እንደሆነ ለማያውቅ ሰው ብነግረው አይገባውም። ዓመቱን ሙሉ መርካቶ የነገደው፣ ሐዋሳ ሱቅ ያለው፣ ከውጭ የመጣው፣ ሁሉም ወደ አገሩ ይገባል። በሬው ይታረዳል፣ ቅቤው ይነጠራል፣ ቆጮው ይጋገራል። እኛ ቤት እርዱ ሐሙስ ስለነበረ ሐሙስ ከሰዓት በኋላ እንደ ጉድ ተበላ። አርብ ግን ሲነጋ ክትፎው ተከድኖ ጎመኑና ሽሮው ወጣ። ጋን የሚያክል ሥጋ ጓዳ ውስጥ አለ፤ ዋናው በዓል ዛሬ ነው፤ እንግዳው ሳሎን ሞልቷል፤ የሚበላው ሽሮ ነው። ሰው ሁሉ ለእግዚአብሔር ደስ ብሎት፣ ለራሱ ግን ቅር ብሎት ተቀምጧል።

እኔም ይህን አይቼ «የሚስቴ ዘመዶች»ን ከስልኬ ወደ ቴሌቪዥኑ አስተላለፍኩት። የቀን መቁጠሪያው ትዕይንት ላይ ስንደርስ ቤቱ ፈረሰ። ሽማግሌው ሳቀ፣ ሕፃኑ ሳቀ። ከእምድብር የመጣው አማቻችን ካቶሊክ ነው፤ «እኛን ነው እንዴ የሚሰድቡት?» እያለ እንባውን ይጠርጋል። ከጎረቤት እንኳን አደረሳችሁ ሊሉ የመጡት ሙስሊም ወዳጆቻችን ደግሞ ከማንም በላይ ሳቁ፤ እነሱ እኮ ጾሙ የለባቸውም፣ ሥጋው ግን በጎረቤታቸው ታርዷልና አልተነካም። አንድ የሰባት ዓመት ልጅ ተነሥቶ ግድግዳው ላይ ያለውን የባንክ ካላንደር ቅዳሜ ለማድረግ ሲታገል አያቱ ጆሮውን ይዛ መለሰችው።

ፊልሙ ሲያልቅ ሁሉም እያወራ ተነሣ። አክስቴ ግን ቁጭ እንዳለች ናት።

«ያ ባቡር የት ነው የሚሄደው?» አለችኝ።

የሬኖን ነገር ነገርኳት። ሄዶ ስድስት ወር ተቀምጦ ይፈታታል አልኳት። ራሷን ነቀነቀች። ትንሽ ቆየችና፣

«ሴትዮዋስ?»

«ሴትዮዋ ምን?»

«እሷንስ ማን ጠየቃት? እሷ ልትከስ ነው የሄደችው። እንደ እሱ ሳታውቅ ነው የተዳረችው። እሱ በባቡር ሄደ። እሷ የት ሄደች?»

እኔ ይህን ፊልም ስንት ጊዜ እንዳየሁት አላውቅም። ስለ አቀራረጹ፣ ስለ ኪተን አወዳደቅ፣ ድግሱ ላይ እርሾ የበዛበት ቢራ አረፋው ቤቱን ስለሚያጥለቀልቅበት ትዕይንት ከወዳጆቼ ጋር ብዙ አውርተናል። ሴትዮዋ የት ቀረች ብሎ የጠየቀ ሰው ግን አላጋጠመኝም። ፊልሙም አይጠይቅም። ለፊልሙ እሷ ትልቅ፣ ጯሂ፣ የምታስፈራ ሚስት ናት፤ የሚታዘንለት እሱ ነው። ዳኛው ግን የሰማው የሁለቱንም ቃል አይደለም። ሁለቱም ምን እየተባለ እንደሆነ አልገባቸውም።

አክስቴ ይህን ያየችበት ምክንያት አለው። እሷ የቸሃ ልጅ ናት፤ ከወልቂጤ ወዲያ። ባሏ ክስታኔ ነበር፤ ቡታጅራ ሱቅ የነበረው ነጋዴ። ውጭ ያለ ሰው «ጉራጌ» ብሎ አንድ ቋንቋ ያለን ይመስለዋል። የቸሃ ሰውና የክስታኔ ሰው እያንዳንዱ በራሱ ቋንቋ ቢያወራ አይግባቡም፤ የሚገናኙት በአማርኛ ነው። ከሃምሳ ዓመት በፊት የሚድሯት ሽማግሌዎች ከአባቷ ጋር የተነጋገሩት በገበያ አማርኛ ነው። እሷ ያኔ አሥራ አምስት ዓመቷ ነው፣ አማርኛ አትሰማም። ጓዳ ሆና ወተት እያፈላች ነበር። «የራሴን ስም ብቻ ነው የሰማሁት» ትላለች። «ስሜን ሦስት ጊዜ ሲጠሩት አንድ ነገር እንዳለ አወቅኩ።»

ከዚያ የዘቢዳር ተራራ ወዲህ ማዶ ሆነች። ዛሬ እንኳ ወልቂጤና ቡታጅራ በሁለት ዞን ተለያይተዋል፤ ቡታጅራ የምሥራቅ ጉራጌ ዞን ሆናለች። ያኔ ግን ለእሷ ርቀቱ ከዞን በላይ ነበር። አማቷ ውኃ አምጪ ስትላት እንጨት ታመጣለች። እንጨት ስትላት ደግሞ ትቆማለች። የቤቱ ሰው ይስቃል። ይህን ስትተርክ እኛም እንስቃለን፤ እሷም ትስቃለች፤ በእርግጥም ያስቃል። በሁለተኛው ዓመት በእግሯ ወደ አባቷ ቤት ሄደች። አባቷ አሳደራት። በማግሥቱ ከአንድ ወንድሟ ጋር ማር አስይዞ መለሳት። ማሩ ለባሏ ነው፣ ይቅርታ መጠየቂያ።

ባሏ ክፉ ሰው አልነበረም፤ ይህንን ራሷ ነች ደጋግማ የምትለው። ሰባት ልጅ ወለዱ፣ ነፍሱን ይማር፣ ስታለቅስለትም አይቻለሁ። እንዲህ ሲባል ብዙ ሰው «እንግዲያው ምን ሆነች?» ይላል። ትዳሩ ደግ መውጣቱ ግን የዕድሏ ጉዳይ ነው። መጠየቅ ሌላ ጉዳይ ነው። ክፉ ቢሆንስ ኖሮ? መንገዱን አንድ ጊዜ ሞክራዋለች፤ በማር ተመልሳለች።

የሚገርመው ይህ ጥያቄ በጉራጌ ምድር አዲስ አለመሆኑ ነው። በ19ኛው መቶ ክፍለ ዘመን የኖረችው የቃቄ ወርድወት የጠየቀችው ይህንኑ ነው። የሰባት ቤት ጉራጌ የሕግ ሸንጎ የጆካ ይባላል። አንቂት የሚባል ሥርዓት ነበረ፤ ሚስት ባሏን ትታ ብትወጣ እንኳ እሱ ካልለቀቃት በቀር ሌላ ማግባት አትችልም፤ እርግማኑ ያስራታል። ወንዱ ግን በላይዋ ሌላ ማግባት ይችላል። ወርድወት ሴቶችን አስተባብራ ወንዶች ብቻ በሚቀመጡበት ሸንጎ ፊት ቆመች። ትዳር ከጠላሁ ልውጣ፣ የወደድኩትን ላግባ፣ በላዬ አይገባብኝ ነው ያለችው። የሙግቱን አጨራረስ ተራኪ ሁሉ በየራሱ መንገድ ይነግረዋል። ክሱ ግን በሁሉም ዘንድ አንድ ነው። እሷ ድግሱን ወይም ሰውዬውን አልከሰሰችም። የከሰሰችው በሩን ነው። ለወንዱ የተከፈተ፣ ለሴቷ የተዘጋ በር። ኪተን በ1922 ባቡር ላይ ሲሳፈር የሚያስቀን በር እኮ ይኸው ነው።

እኛም አገር ስለ ግራ የሚያጋባ ጋብቻ ኮሜዲ የጻፈ አለ። መንግሥቱ ለማ «ጠልፎ በኪሴ»ን ሲጽፍ የመረጠው ጠለፋን ነው። ጠለፋ ያስቃል ወይ? እሱ የሳቀው በጠለፋው ላይ አይደለም፤ ተምሬአለሁ እያለ ልማዱን ከኪሱ ባላወጣው ወንድ ላይ ነው። በዚያ ዘመን የነበረው የወንጀል ሕግ ጠላፊው የጠለፋትን ልጅ በሕጋዊ ጋብቻ ካገባት ከቅጣት ያድነው ነበር። እስኪ አስቡት፤ መስኮቱን የሰበረው ሰው መስኮቱን ስለወሰደ ክሱ ይዘጋል እንደማለት ነው። ይህ የተለወጠው በ1997ቱ የወንጀል ሕግ ነው። ዛሬ ጠለፋ ከ3 እስከ 10 ዓመት ጽኑ እሥራት ያስቀጣል፤ በኋላ መጋባታቸውም ከተጠያቂነት አያድነውም። ሕገ መንግሥቱም በ1987 አንቀጽ 34 ላይ ጋብቻ በተጋቢዎች ነፃና ሙሉ ፈቃድ ብቻ ይመሠረታል ብሎ ጽፏል።

ወረቀቱ ጥሩ ነው። አልነቅፈውም። ግን ፈቃድ የሚጠየቀው ፍርድ ቤት አይደለም። ሳሎን ውስጥ ነው፣ ሽማግሌ ተቀምጦ፣ ቡና ተፈልቶ፣ ልጅቷ ስኒ ይዛ እየተመላለሰች። መዝገቡ ላይ ፊርማ የሚደረገው ሁሉ ነገር ካለቀ በኋላ ነው። ያኔ እምቢ ማለት ድግስ ማፍረስ ነው።

ይህን የምለው ከሜዳ ተነሥቼ አይደለም። ፊልሙን ባየን በማግሥቱ፣ ቅዳሜ፣ ክትፎው በሰላም ከተበላ በኋላ፣ እዚያው አክስቴ ቤት ሽማግሌ ገባ። የመጡት ለአክስቴ የልጅ ልጅ ነው። አሥራ ዘጠኝ ዓመቷ ነው፣ ወልቂጤ ዩኒቨርሲቲ ሁለተኛ ዓመት ገብታለች። ሰውዬው ደቡብ አፍሪካ ነው፣ ሱቅ አለው። ልጅቷን በፎቶ አይቷታል፤ በቪዲዮ ሁለት ጊዜ አውርተዋል። ከደቡብ አፍሪካ ገንዘብ የሚላክበትን ቤት ቡታጅራ ውስጥ በአጥሩ ታውቁታላችሁ። የልጅቷ አባት ዓይኑ በርቷል። ልፈርድበትም አልችልም፤ ኑሮው የታወቀ ነው፣ ሌሎች አራት ልጆች አሉት። እንደ ባስተር አማቾች ነው እንዳልል እነሱ ሲበሉ የከረሙ ናቸው፣ እሱ ደግሞ ሲያጎርስ የከረመ ነው።

ሽማግሌዎቹ ጨዋ ሰዎች ናቸው። ሥርዓቱን አውቀው ተናገሩ። አባትየው ደስታውን እየደበቀ አመሰገነ። ከሽማግሌዎቹ ታላቅ የሆኑት «ልጅቷም ተጠይቃለች ብለን እናምናለን» አሉ።

አባትየው «ተነግሯታል፤ ዝም ብላለች» አለ።

«ዝምታማ መስማማት ነው» አሉ አባባ፤ «የጨዋ ልጅ አፏን ሞልታ እሺ አትልም።»

አክስቴ ጥግ ላይ ነው የተቀመጠችው። በእንዲህ ያለ ቦታ የሴት አያት ብዙ አትናገርም። ነጠላዋን አስተካከለችና፣

«እኔም ዝም ብዬ ነበር» አለች።

ማንም አልመለሰም። አባባ ስኒያቸውን አስቀመጡ። አክስቴ ቀጠለች። ድምፅዋን ከፍ አላደረገችም።

«እንዲህ እንዳሁኑ ሰው ተሰብስቦ። ዝም ያልኩት ስላልገባኝ ነው። ልጅቷ አለች፣ ጓዳ ናት፣ አማርኛም ታውቃለች። ጥሯትና ጠይቋት። እሺ ካለች እኔው ነኝ እልል የምለው።»

አባትየው ሊያስቆማት ፈለገ፤ «እቴቴ፣ ይህ እኮ…» ብሎ ጀምሮ ተወው። አባባ ራሳቸው ናቸው «ትጠራ» ያሉት። በእውነት ለእሳቸው ያለኝ አክብሮት በዚያች ደቂቃ ጨመረ፤ ብዙ ሽማግሌ እዚያ ላይ ይቆጣ ነበር።

ልጅቷ መጣች። እጇ ላይ ቂቤ አለ። አባባ በደንብ ጠየቋት፤ አላስፈራሯትም፤ «ልጄ፣ እንዲህ ያለ ጉዳይ ይዘን መጥተናል፣ ያንቺን ቃል ከራስሽ አፍ ልንሰማ ፈለግን» አሏት። መሬት መሬት እያየች ቆየች። እኔ በበኩሌ እሺ የምትል መስሎኝ ነበር፤ ከዚያ ሁሉ ዓይን ፊት እምቢ ማለት ቀላል አይደለም።

«ተምሬ ሳልጨርስ አላገባም» አለች። ከዚያ ትንሽ ቆየችና፣ «ከጨረስኩ በኋላም እሱን ይሁን አይሁን አላውቅም። በስልክ ያወራነው ስለ ዋጋ ብቻ ነው።»

«ስለ ምን ዋጋ?»

«እዚያ ስኳር ስንት እንደሆነ።»

አንዱ ሽማግሌ ሳቅ አመለጠው። ከዚያ ሌላውም። አባትየው አልሳቀም። አባባ «እንግዲህ ጥር ላይ ተመልሰን እንመጣለን፣ እስከዚያ እናንተም ተነጋገሩ» ብለው መረቁና ተነሡ። እምቢታ ነው እንዳይባል እምቢታ አይደለም፤ እሺታም አይደለም። አባትና ልጅ እስከ እሁድ ማታ አልተነጋገሩም። እሁድ እኔ ወደ አዲስ አበባ ተመለስኩ።

ትናንት ደወልኩ። ዩኒቨርሲቲው ስለጠራቸው ልጅቷ በቀጥታ በጉብሬው መንገድ፣ በተራራው በኩል ሄዳለች። አባቷ ገና እንዳኮረፈ ነው። የመኪናውን አክስቴ ነች የሰጠቻት፤ ከመመለሻው ጋር።